ሦስተኛው ቁልፍ

ጦሳ ጉሙን ደርቦ፣ ደሴ ገና ሳትነቃ፣
ማቀዝቀዣው ያጉረመርማል፣ እንዳኮረፈ ጠበቃ።
መብራት በሄደ ቁጥር ደረጃውን እወርዳለሁ፣
ጄነሬተሩን በእርግጫም በልመናም አስነሳለሁ።
ሁለት መቶ አሥር ብልቃጥ፣ ስም የሌለው የሰው ደም፤
ብርዱ አንዴ ካመለጠው፣ ቢለምኑት አይመለስም።

አሥራ ሰባት ቁጥርን ግን በድምጿ ነው የማውቃት።
ስሟን አልነግራችሁም፤ ፈርሜያለሁ ልጠብቃት።
የመጣችው ከኮምቦልቻ፣ በሀረጎ ጠመዝማዛ፣
ሁለት ወንዶች ልጆች ይዛ፣
ጀምበር ስታዘቀዝቅ ዓይናቸው አብሮ የሚከዳ።
ፋብሪካ ነው የምትሠራ፣ ማቅለሚያ ክፍል፤ ጣቷ እስከ ጥፍሯ ሰማያዊ —

ቆይ።
ይቺን ያህል ካወራሁ፣ ቦርከና ዳር ያለ ሁሉ
«እሷ ናት!» ሊል ነው በቃሉ።
ስም መደበቅ ምን ዋጋ አለው፣ ጣቷን ካሳየሁ በኋላ?
ሰርዙልኝ። ጣት የላትም። ፋብሪካውም ይሁን ሌላ።

የኔ ሥራ ማንበብ ነበር፤ የተተረጎመ ቅጽ፣
አሥራ አንድ ገጽ።
«የዘረመል መረጃዎን ለማጋራት ይስማማሉ?»
ስላት ዝም አለች። ልጆቿም ዝም አሉ።
«ዘር» ላይ ነው የቆመችው፤ የቀረውን አልሰማችም።
«ኬላ ላይ አስወርዶ ዘሬን የጠየቀኝ ሁሉ
ሊዘራው አልነበረም።»
የአያቶቿን ስም ቆጠረችልኝ፣ ግማሹ የመስጊድ፣ ግማሹ የደብር፤
እሱንም አልናገር።

«ደግሞስ ደሜ የኔ ብቻ ነው? እህቴ የለችበትም?
ጂዳ ሰው ቤት ናት። ሳትጠየቅ እኔ አልፈርምላትም።
ዳቦ ስቆርስ የሚቀበለኝን እጅ አየዋለሁ፤
ይሄን ለማን ነው የምቆርሰው? ፊቱን የት አገኘዋለሁ?
በሬ እንኳ ሲሸጥ ዋስ ይጠራል።
የደሜ ዋስ ማን ይባላል?»

ገጹን አገላበጥኩት። ዋስ የሚል ቃል የለም።
«ኃላፊነት» ሰባት ቦታ አለ፤ ማን እንደሚሸከመው አይልም።

«የሰፈራችን ቅሬ ሣጥን» አለች፣ «ሦስት ቁልፍ አለው፤
አንዱ በሊቀመንበሩ፣ አንዱ በገንዘብ ያዡ ነው፤
ሦስተኛው ምንም ሹመት በሌላት በአንዲት መበለት እጅ።
ሦስቱም ካልመጡ አይከፈትም፣ ሬሳ ቢጋደም ከደጅ።
ለልጆቼ ዓይን፣ ለሰው ልጅም ዓይን ከሆነ፣ ይኸው ክንዴ።
ለሌላ ሲያምራችሁ ግን መጥታችሁ ጠይቁኝ፣ እንደ ሰው፣ እንደ ዘመዴ።»

አሥራ ሁለተኛውን ገጽ በእጄ ጻፍኩት፦
አንድ ቁልፍ ለሆስፒታሉ፣ አንድ ለኮሚቴው፣ አንድ ለባለደሟ።
የቂም ቃል ነበር «ባለደም»፤ እኔ ግን ሌላ ቃል አጣሁ።

ዓመታት አለፉ። የዓይኑ ስሕተት የት እንዳለ ታወቀ፤
መድኃኒቱ ገና ነው። ይህንንም ሄጄ በአፌ ነገርኳት።
ባለፈው ሐምሌ ደግሞ ደብዳቤ ከሩቅ መጣ፣
ጨዋ ደብዳቤ፣ ማኅተሙ የሚያምር፦
ያላችሁን ሁሉ ላኩልን፣ ሕዝብን በመነሻው ለመለየት።
ኮሚቴው ሻይ አዘዘ። «ምን ችግር አለው?» አለ።
ሆስፒታሉም ፈረመ።

እኔ ሚኒባስ ተሳፈርኩ። ሀረጎ ላይ ፍሬኑ ሸተተ።
ከቤቷ ስደርስ ታላቅየው በመዳፉ ግድግዳ እየዳሰሰ
ወንበር አመጣልኝ።
«ለዓይን ነው?» አለች።
«አይደለም።»
ጠረጴዛው ላይ የፈሰሰ ጨው በእጇ ጠረገች፣
(ስለ እጇ አልናገርም ብዬ ነበር)፣
«እንግዲያው ቁልፌ ጠፍቷል በላቸው» አለች።

አልኳቸውም።
ልክ ይሁን ስሕተት፣ ሌሊት ሌሊት አስባለሁ፤
ጥናቱ ምንም ክፉ ላይኖረው ይችላል፣ ላኪውም ደግ ሰው።
ግን ደጅ ድረስ መጥቶ ያልጠየቀ ደግ ሰው።

ይኸው ጠፋ ደግሞ መብራቱ።
ልውረድ።